«ምርመራው ይዛወርልኝ»፦ የህንድ ፍርድ ቤቶች አገልግሎት ሲመዘን

የወንጀል ምርመራን ከግዛት ፖሊስ እጅ አውጥቶ ለማዕከላዊው ምርመራ ቢሮ (ሲቢአይ) የሚሰጥ የፍርድ ቤት ትእዛዝ፣ እንደ አገልግሎት ከታየ ከአምስት ሦስት ነጥብ ያገኛል። ጉልበቱ ሙሉ ነው። ነጥብ የሚያስጥለው ፍጥነቱና ውጤቱን አስቀድሞ መገመት አለመቻሉ ነው።

ጉልበቱን ለመረዳት ከሕጉ መነሳት ያስፈልጋል። በህንድ ሕገ መንግሥት ፖሊስ የግዛቶች ጉዳይ ነው። ሲቢአይ ሥልጣኑን የሚያገኝበት የ1946ቱ (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) የዴልሂ ልዩ ፖሊስ ሕግ ደግሞ በአንቀጽ 6 ቢሮው ግዛቱ ካልፈቀደለት እዚያ ገብቶ እንዳይመረምር ይከለክላል። በርካታ ግዛቶችም አስቀድመው በጅምላ የሰጡትን አጠቃላይ ፈቃድ አንስተዋል። ይሁን እንጂ አምስት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኞች እ.ኤ.አ. በ2010 በምዕራብ ቤንጋል ጉዳይ እንደወሰኑት፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 32፣ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች በአንቀጽ 226 ባላቸው ሥልጣን ያለ ግዛቱ ፈቃድ ማዘዝ ይችላሉ። ያው ፍርድ ሥልጣኑ በቁጠባ፣ ከተለመደው ውጭ ለሆነ ጉዳይ ብቻ እንዲውልም ያስጠነቅቃል። ብዙ ጠበቃ የመጀመሪያውን ግማሽ ጠቅሶ ሁለተኛውን ይዘለዋል፤ ተቃራኒው ወገን የሚጀምረው ደግሞ ከዚያው ከተዘለለው ነው።

ከፍተኛ ፍርድ ቤት ከመግባት በፊት ታች ያሉት በሮች መንኳኳት አለባቸው። የፖሊስ ጣቢያው የወንጀል አቤቱታውን አልመዘግብም ካለ፣ ከጁላይ 1 ቀን 2024 ጀምሮ በሚሠራው አዲሱ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 173(4) መሠረት ለፖሊስ አዛዡ በጽሑፍ ማመልከት ይቻላል። እሱም ዝም ካለ በ175(3) በቃለ መሐላ የተደገፈ አቤቱታ ለማጅስትሬቱ (ለታችኛው ፍርድ ቤት የወንጀል ዳኛ) ይቀርባል። ማጅስትሬቱ ምርመራው በአግባቡ እንዲካሄድ መከታተልም ይችላል፤ ይህን ሥልጣኑን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2008 አጽንቶለታል። ሲቢአይን ማዘዝ ግን አይችልም፤ ነገሩ በ2001 የተቋጨ ስለሆነ እዚያ መጠየቅ ቀጠሮ ማባከን ነው።

ለከፍተኛ ፍርድ ቤት የሚቀርበው አቤቱታ የሚያሸንፈው ወይም የሚሸነፈው አብሮት በሚቀርበው የቃለ መሐላ ጽሑፍ ነው። «መርማሪው አድልቷል» የሚል ዓረፍተ ነገር ምንም አያነሳም። በአንጻሩ «የመግቢያው ካሜራ ቅጂ እንዲያዝ ድርጊቱ በተፈጸመ በ3ኛው ቀን በጽሑፍ ተጠይቋል፤ ማኅተም ያረፈበት ቅጂ ተያይዟል፤ እስከ 40ኛው ቀን አልተያዘም፤ ካሜራው በራሱ ላይ ደርቦ ቀድቶበታል» የሚል አንቀጽ ዳኛውን ቀና ያደርገዋል። ጥያቄው፣ ቀኑ፣ ማስረጃው፣ የጠፋው ነገር፤ አራቱ አንድ ላይ መምጣት አለባቸው። ተጠርጣሪው ባለሥልጣን ወይም ራሱ ፖሊስ ከሆነ ግንኙነቱን በሰነድ ማሳየት ግድ ነው። ሲቢአይንም በተጠሪነት መጥራት አይዘንጋ፤ ሸክሙ የሚጫነው በቢሮው ላይ ነውና።

ለተጠርጣሪ ይህን አገልግሎት አንመክርም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2018ም በ2020ም ተጠርጣሪ መርማሪውን የመምረጥ መብት የለውም ብሏል። የሚያዋጣው ዋስትና መጠየቅ፣ ወይም ክሱ ራሱ መሠረት ከሌለው በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 528 እንዲሰረዝ ማመልከት ነው።

ፖሊስ የመጨረሻ ሪፖርቱን ካቀረበ በኋላ ቃል መምረጥ ያስፈልጋል። «ተጨማሪ ምርመራ» በአንቀጽ 193(9) ማጅስትሬቱም የሚፈቅደው ነገር ነው፤ የክርክር ሂደት ከተጀመረ በ90 ቀን ማለቅ አለበት፣ ጊዜው የሚራዘመውም በፍርድ ቤቱ ፈቃድ ነው። «እንደ አዲስ ምርመራ» የድሮውን ሥራ ስለሚያፈርስ ከላይኞቹ ፍርድ ቤቶች እጅ አይወጣም። በአቤቱታው መጨረሻ ሁለቱን አምታቶ መጻፍ የተለመደ ጥፋት ነው፣ ዋጋውም ውድ ነው።

ሲቢአይ ሁልጊዜ ትክክለኛው መድኃኒት ነው ማለትም አይደለም። አካባቢውንና ቋንቋውን ለሚጠይቅ የግድያ ጉዳይ፣ ከጣቢያው ውጭ ካሉ መኮንኖች የተዋቀረና ለፍርድ ቤቱ ሪፖርት የሚያቀርብ ልዩ ቡድን ብዙ ጊዜ ይሻላል። በአማራጭነት አብሮ ቢጠየቅ ዳኛው መካከለኛ መንገድ ያገኛል።

ትእዛዙ ከወጣ በኋላ ነው ችግሩ የሚብሰው። ሲቢአይ ጉዳዩን በራሱ ቁጥር እንደገና ይመዘግባል፤ መዝገቡ፣ የምስክሮች ቃልና ኤግዚቢቱ ደግሞ ገና ጣቢያው ቁም ሣጥን ውስጥ ናቸው። በዚህ መሃል በአንቀጽ 187 ምርመራውን ለመጨረስ የተቀመጠው የ60 ወይም የ90 ቀን ሰዓት ታሳሪው መጀመሪያ ማረፊያ ቤት እንዲቆይ ከታዘዘበት ቀን ጀምሮ ይቆጥራል፤ መርማሪው ስለተለወጠ ከዜሮ አይነሳም። ቀኑ ሳይከሰስ ካለፈ ታሳሪው ዋስትና የማግኘት መብት አለው፤ ተበዳዩ ያሸነፈው አቤቱታም ተጠርጣሪውን ደጅ ሊያወጣው ይችላል። ስለዚህ የርክክቡ ቀን ተቆርጦ፣ ኤግዚቢቱ በዝርዝር ተፈርሞበት፣ የቀሩት ቀናትም ተቆጥረው በትእዛዙ ውስጥ እንዲሰፍሩ በአቤቱታው ላይ ለብቻው ይጠየቅ።