ደሴ የገዛሁት ሃያሲንት፦ አበባው አሪፍ፣ ምክሩ ዜሮ

ደሴ ውስጥ አንድ አበባ መሸጫ (ስሙ ይቅር) ሃያሲንት ገብቷል ሲሉኝ ሄጄ ገዛሁ፣ የሚሸጡት አበባው የሚበቅልበትን ሽንኩርት የሚመስል ራስ ነው። ዕቃቸውን አልዋሽም፣ ራሶቹ ጠንካራ፣ ከበድ ያሉ፣ ሻጋታ የሌለባቸው ናቸው፤ ሲጫኑት የሚለሰልስ ካጋጠማችሁ ግን በነፃም ቢሰጧችሁ እንዳትወስዱ። ዋጋው ያስደነግጣል፣ ያው በብዛት የሚያመርቱት ሆላንዶች ናቸው።

እኔን ያናደደኝ ምክራቸው ነው። ሻጩ "መሬት ውስጥ ቅበረው በቃ ይበቅላል" አለኝ። ኧረ ወንድሜ! ይሄ አበባ እኮ መጀመሪያ ብርድ መጥገብ አለበት፣ ከ9 ዲግሪ በታች 10 ሳምንት ምናምን ካልቆየ አገዳው ያጥርና አበባው ቅጠሉ መሀል ታንቆ ይቀራል፣ የደሴ ሌሊት ደግሞ አጥንት ድረስ ቢገባም ቀን ፀሐይዋ አፈሩን ታሞቀዋለች ስለዚህ በወረቀት ከረጢት አድርጎ ፍሪጅ ውስጥ ማቆየት ይሻላል፣ ሙዝና ፖም አጠገብ ግን አይሆንም፣ ከፍሬው የሚወጣው ጋዝ ውስጡ ያለውን እምቡጥ ያበላሸዋል።

ከዛ ከ10 እስከ 15 ሳንቲም ጥልቀት፣ ሹሉ ወደ ላይ። ዋልካ አፈር ውሃ ስለሚይዝ አሸዋና ኮምፖስት ካልቀላቀላችሁበት ይበሰብሳል። ጓንት አድርጉ፣ ቆዳ ያሳክካል፣ ፍየልም እንዳትደርስበት መርዝ ነው።

ሽታው ግን ወላሂ! ቡና ሲፈላ እጣን ማጨስ ራሱ ቀርቷል እኛ ቤት። ለአበባው 5 ከ5፣ ለሻጩ 2። ፍሪጅ ያላችሁ አብሽሩ፣ ግዙት።