ፓሮን፣ ላጉና 69 ወይስ ፓስቶሩሪ? የአንዲስ ሐይቆችና የበረዶ ግግሮች የአንድ ቀን ጉዞ ንጽጽር

ፔሩ ውስጥ ዋራዝ የምትባል ከተማ አለች። ዋናው ጎዳናዋ ሉዙርያጋ ላይ የጉዞ ወኪሎች ጎን ለጎን ተደርድረዋል። በራቸው ላይ የተለጠፈው ፎቶ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው፦ ሰማያዊ ሐይቅ፣ ከጀርባው በበረዶ የተሸፈነ ተራራ። ዋጋቸውም ያን ያህል አይራራቅም። ስለዚህ ብዙ ሰው የሚመርጠው ፎቶውን አይቶ ነው። እኔ ግን ፎቶውን ተዉትና ሁለት ነገር ጠይቁ እላለሁ። አንደኛ፣ ቦታው ከባሕር ጠለል በላይ ስንት ሜትር ነው? ሁለተኛ፣ እስከዚያ ቀን ከፍታ ላይ ስንት ሌሊት አድራችኋል? ጉዞውን ደስታ ወይም ሥቃይ የሚያደርጉት እነዚህ ሁለቱ ናቸው።

ዋራዝ ራሷ 3,050 ሜትር ገደማ ላይ ናት። ከሊማ በስተሰሜን 400 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች፤ በአውቶቡስ ስምንት ሰዓት አካባቢ ይፈጃል። በስተምሥራቋ የተዘረጋው ኮርዲዬራ ብላንካ የሚባለው የተራራ ሰንሰለት ነው። ከዓለም የሐሩር ክልል የበረዶ ግግሮች 70 በመቶ ያህሉ ፔሩ ውስጥ ናቸው፤ ትልቁ ክምችትም እዚህ ነው። የአገሪቱ ከፍተኛ ተራራ ዋስካራን 6,768 ሜትር ነው። በዙሪያው ያለው የዋስካራን ብሔራዊ ፓርክ እ.ኤ.አ. በ1975 ተቋቁሞ በ1985 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዘገበ።

ስለ ከፍታው ለእኛ ሰው ለየት አድርጌ የምለው አለኝ። አዲስ አበባ 2,350 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች በቀጥታ ከዚያ የሚመጣ ሰው ትንሽ ይቀለዋል። ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭ ወይም ዱባይ ለዓመታት የኖረ ሰው ግን «የደጋ ልጅ ነኝ» ብሎ መተማመን የለበትም። ሰውነት ከፍታን የሚለምደው በቅርብ ጊዜ በኖረበት ቦታ ነው። ራስ ዳሸን 4,550 ሜትር አካባቢ ነው፤ ላጉና 69 ከዚያ ትንሽ ይበልጣል፣ ፓስቶሩሪ ደግሞ በብዙ። ሊማ ከባሕር ዳር ያለች ከተማ ናት። ከዚያ ሌሊቱን በአውቶቡስ ተጉዞ፣ ጠዋት ዋራዝ ወርዶ፣ በዚያው ቀን 4,600 ሜትር መውጣት ለራስ ምታትና ለማስታወክ ራስን አሳልፎ መስጠት ነው።

ቁጥሮቹን ጎን ለጎን እንያቸው።

ያንጋኑኮ (ቺናንኮቻ ሐይቅ)፦ 3,850 ሜትር፣ መኪና ዳሩ ድረስ ይገባል።
ፓሮን፦ 4,185 ሜትር፣ መኪና ዳሩ ድረስ ይገባል፣ ከፈለጋችሁ አጭር መውጫ አለ።
ላጉና 69፦ 4,600 ሜትር ገደማ፣ ደርሶ መልስ 14 ኪሎ ሜትር ያህል በእግር።
ፓስቶሩሪ (የበረዶ ግግር)፦ 5,000 ሜትር ገደማ፣ የእግር መንገዱ አጭር ነው።

ፓሮን፦ አንድ ብቻ ግዙ ብባል

አንድ ጉዞ ብቻ የመግዛት ጊዜ ያለውን ሰው ወደ ፓሮን ነው የምልከው። በኮርዲዬራ ብላንካ ካሉት ሐይቆች ትልቁ እሱ ነው። መንገዱ መጀመሪያ ወደ ታች ይወስዳል፤ ካራዝ ከተማ 2,250 ሜትር ገደማ ላይ ናት። ከዚያ 32 ኪሎ ሜትር የኮረኮንች መንገድ ይጀምራል። በሁለት ቀጥ ያሉ የድንጋይ ግድግዳዎች መሐል እየተጠማዘዘ ይወጣል። መኪናው ይንገጫገጫል፣ አቧራው በመስኮት ይገባል፣ ወገብ ያማል። ከዋራዝ እስከ ሐይቁ ከሦስት ሰዓት በላይ መቀመጥ አለ። የዚህ ጉዞ ትልቁ ጉድለት ይኸው ነው።

ስትደርሱ ግን ከመኪና ወርዳችሁ ጥቂት እርምጃ እንደሄዳችሁ ሐይቁ ፊታችሁ ነው። ቀለሙ ማስተካከያ የተደረገበት ፎቶ ይመስላል፤ ግን እውነተኛ ነው። የበረዶ ግግር ሲንቀሳቀስ ከሥሩ ያለውን ድንጋይ በጣም አድቅቆ ይፈጨዋል። ያ ደቃቅ ነገር ውኃው ውስጥ ሳይዘቅጥ ተንሳፍፎ ይቀራል፣ ብርሃኑንም ሰማያዊና አረንጓዴ አድርጎ ይመልሰዋል። ከሐይቁ ማዶ ፒራሚዴ የሚባለው ሹል ተራራ ቆሟል፤ ቁመቱ 5,885 ሜትር ነው። በትልልቅ ቋጥኞች ላይ ወደ ላይ የሚያስወጣ መመልከቻ አለ። አጭር ቢሆንም እጅም እግርም ይጠይቃል። ጉልበት የሚያመው ሰው እሱን ትቶ በሐይቁ ዳር ባለው ደልዳላ መንገድ ቢሄድ ምንም አይቀርበትም።

አንድ መታወቅ ያለበት ነገር አለ። የሐይቁን ውኃ መክፈቻና መዝጊያ የያዘው የኤሌክትሪክ ኩባንያ ነበር። ውኃው ለመስኖ የሚያስፈልጋቸው የአካባቢው ገበሬዎች እ.ኤ.አ. በ2008 መቆጣጠሪያውን ከኩባንያው እጅ ወሰዱት። በሩ ላይ የምትከፍሉትን አነስተኛ መግቢያ የሚሰበስበውም ማኅበረሰቡ ነው። ዝርዝር ጥሬ ገንዘብ ይዛችሁ ሂዱ፣ በደስታም ክፈሉ።

አስጎብኚዎች በአቅራቢያው ያለው አርቴሶንራጁ ተራራ የፓራማውንት ፊልም ኩባንያ ዓርማ ላይ ያለው ነው ይሏችኋል። ለዚያ ብላችሁ ግን ጉዞ አትምረጡ።

ላጉና 69፦ ለእግረኛ

ፎቶው ላይ የምታዩት ብዙ ጊዜ ይህ ነው። እውነትም ውብ ነው፤ ቻክራራጁ የሚባለው ባለ በረዶ ተራራ ከሐይቁ ላይ ቀጥ ብሎ ይነሣል፣ ከላይ የቀለጠው ውኃም በገደሉ እየተንጠባጠበ ሐይቁ ውስጥ ይወርዳል።

ሚኒባሱ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ገደማ ይነሣል። ሦስት ሰዓት ያህል ከሄዳችሁ በኋላ ሴቦያፓምፓ ላይ ያወርዳችኋል፤ 3,900 ሜትር ገደማ ነው። የእግር መንገዱ መጀመሪያ ላይ ደልዳላ ነው። ላሞች ይግጣሉ፣ ወንዝ ይፈሳል፣ ሰው ሁሉ ያወራል። ከዚያ አንድ ጠመዝማዛ ዳገት ይመጣል። እሱን ጨርሳችሁ ትንሽ ሐይቅ ታያላችሁ፤ ብዙዎች ደረስን ብለው ፎቶ ማንሣት ይጀምራሉ። አልደረሳችሁም። ሌላ ሰፊ ሜዳ አለ፣ ከሜዳው ጫፍ ደግሞ የመጨረሻው ዳገት። ወሬው ሁሉ የሚቆመው እዚያ ነው። አየሩ ስስ ስለሆነ ጠንካራ ሯጭ እንኳ ሃያ እርምጃ ሄዶ ይቆማል። መውጣቱ ለአብዛኛው ሰው ሦስት ሰዓት ገደማ ይፈጃል።

እዚህ ላይ ገዢው ማወቅ ያለበት ነገር ሰዓቱ ነው። በቡድን የሚሄድ ጉዞ የመመለሻ ሰዓት አለው፤ የዘገየውን ሰው አስጎብኚው ከመድረሱ በፊት ሊመልሰው ይችላል። ቀስ ብላችሁ የምትሄዱ ከሆነ፣ ወይም ከእናንተ ጋር በዕድሜ የገፋ ሰው ካለ፣ ለብቻችሁ መኪናና አስጎብኚ ብትይዙ ይሻላል። ውድ ነው፤ ግን አራት ሆናችሁ ብትካፈሉት ያን ያህል አይከብድም። ዋራዝ ሦስት ሌሊት ላላደረ ሰው ይህን ጉዞ አልመክርም።

በመንገድ ላይ ቺናንኮቻ ሐይቅ ዳር አጭር ዕረፍት አለ። እዚያ ያሉትን ዛፎች ልብ በሉ። ቅርፊታቸው ቀይ ነው፣ እንደ ስስ ወረቀት ተራ በተራ እየተላጠ ይወርዳል። ኬኑዋል ይሏቸዋል፤ በዓለም ላይ ከፍ ባለ ቦታ ከሚበቅሉ ዛፎች መካከል ናቸው።

ፓስቶሩሪ፦ አጭር መንገድ፣ ትልቅ ከፍታ

ብዙ ሰው የሚሸወደው በዚህ ነው። ሻጩ «ሁለት ኪሎ ሜትር ብቻ ነው» ይላችኋል፣ አልዋሸም። መንገዱም የተነጠፈና ሰፊ ነው። ግን ያ ሁለት ኪሎ ሜትር የሚጀምረው 4,800 ሜትር ገደማ ላይ ነው። በመጀመሪያው ቀን «ቀላሉን ልያዝ» ብሎ ፓስቶሩሪን የሚገዛ ሰው ከአራቱ በጣም ከፍተኛውን መግዛቱ ነው። ፈረስ መከራየት ይቻላል፤ ፈረሱ የሚያደርሰው ግን የመንገዱን ከፊል ብቻ ነው።

ግግሩን በቅርብ ማየት የሚፈልግ ሰው ግን እንዳያልፈው። ቀድሞ ሰዎች በረዶው ላይ እየወጡ በሸርተቴ ይጫወቱበት ነበር። ዛሬ መርገጥ ክልክል ነው። በጥቂት አሥርት ዓመታት ውስጥ ከግማሽ በላይ ስፋቱን አጥቷል። ፓርኩም መንገዱን «የአየር ንብረት ለውጥ ጎዳና» ብሎ ነው የሚያስጎበኘው። በረዶው የለቀቀው ድንጋይ ዝገት የመሰለ ቀይ ነው፤ ውስጡ ያለው ማዕድን ከአየርና ከውኃ ጋር ሲገናኝ ውኃውን አሲድ ያደርገዋል። የሚቀልጠው በረዶ ለቱሪስት ብቻ አይደለም የሚያሳዝነው። ከታች ያለው ገበሬ በበጋ የሚጠጣው እሱን ነው።

አደጋም አለው። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1941 ከዋራዝ በላይ ያለው ፓልካኮቻ ሐይቅ ግድቡን ጥሶ ወርዶ ከ1,800 ያላነሱ ሰዎችን ገደለ። ሳውል ሉሲያኖ ዩያ የሚባል የዋራዝ ገበሬ የጀርመኑን ኤርቬኤ (RWE) የኃይል ኩባንያ፣ የሚለቀው ጋዝ አየሩን እያሞቀ በረዶውን በማቅለጡ ይህ ሐይቅ ሥጋት ሆኖብኛል ብሎ እ.ኤ.አ. በ2015 ከሶት ነበር። የሃም ከተማ ፍርድ ቤት በ2025 ክሱን ውድቅ አደረገው፤ ነገር ግን ብዙ ጋዝ የሚለቁ ኩባንያዎች በመርሕ ደረጃ ሊጠየቁ እንደሚችሉ ተናገረ። ዋራዝ ስትሄዱ ይህን አውቃችሁ ሂዱ።

ወደ ፓስቶሩሪ በሚወስደው መንገድ ላይ ፑያ ራይሞንዲ የሚባለው ተክል አለ። ስሜን ወይም ባሌ የሄደ ሰው ጅብራን ያየ ይመስለዋል፤ ከታች ሹል ቅጠል፣ ከላይ ቀጥ ያለ ግንድ። ዘመዳሞች ግን አይደሉም፤ ፑያ የአናናስ ዘመድ ነው። አሥር ሜትር ያህል ያድጋል፣ ለአሥርት ዓመታት ቆይቶ አንዴ ያብብና ይሞታል። ያበበ ካገኛችሁ ዕድለኞች ናችሁ።

ያንጋኑኮ፦ ከልጆችና ከወላጆች ጋር

እናትና አባታችሁን ይዛችሁ ከሄዳችሁ ይኸኛውን ግዙ። ጀልባ አለ፣ የእግር መንገዱ እንደ ፍላጎት ነው። ዩንጋይ ላይም ይቆማል። እ.ኤ.አ. ግንቦት 31 ቀን 1970 የመሬት መንቀጥቀጥ ከዋስካራን ላይ በረዶና ድንጋይ ንዶ ያችን ከተማ በደቂቃዎች ውስጥ ቀበራት። ከተረፉት አንዳንዶቹ የመቃብር ቦታው ጉብታ ላይ የወጡ ነበሩ። አሁን መታሰቢያ ነው፤ ጸጥ ብላችሁ ተዘዋወሩ።

ለማቹ ፒቹ የሚሄድስ?

ፕሮግራማችሁ የማቹ ፒቹ መነሻ የሆነችው ኩስኮ ብቻ ከሆነ ለአንድ ሐይቅ ብላችሁ ዋራዝ አትሂዱ። ከኩስኮ ኡማንታይ የሚባል ሐይቅ አለላችሁ፤ 4,200 ሜትር፣ ከሶራይፓምፓ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል አቀበት። ቆንጆ ነው፤ ሰው ግን ይበዛበታል። የሐይቅና የበረዶ ፍቅር ያለው ሰው ዋራዝን ይምረጥ።

ከመክፈላችሁ በፊት

በቡድን የሚደረግ የአንድ ቀን ጉዞ ብዙ ጊዜ ከ100 ሶል (የፔሩ ገንዘብ) በታች ነው። በዚያ ውስጥ የፓርኩ መግቢያና ምሳ አብዛኛውን ጊዜ አይካተቱም። የአንድ ቀን መግቢያው 30 ሶል ነው፤ ብዙ ቀን የምትቆዩ ከሆነ የብዙ ቀን ትኬት ይሻላል። ሻጩን ሦስት ነገር ጠይቁት፦ መኪናው ውስጥ ኦክስጅን አለ? አስጎብኚው ከስፓኒሽ ሌላ ቋንቋ ይናገራል? የታመመ ሰው ቢኖር ማን ይዞት ይወርዳል? የመጨረሻውን ሲመልስ የሚንተባተብ ከሆነ ወደ ቀጣዩ በር ሂዱ።

ደረቁ ወቅት ከግንቦት እስከ መስከረም ነው። አገር ቤት ዝናብ ሲሆን እዚያ ሰማዩ ጥርት ያለ ነው። ከታኅሣሥ እስከ መጋቢት ዝናብና ደመና ነው፤ ተራራው ሊሸፈን ይችላል። ሐምሌ መጨረሻ ላይ የፔሩ የነጻነት በዓል ስላለ ሰውም ዋጋም ይጨምራል። ፍልሰታን የምትጾሙ ደግሞ ጾሙ በዚሁ ወቅት መሐል ነው የሚገባው። ድንችና ኪኖዋ የትም አለ፤ ግን ሾርባው ውስጥ አይብ፣ ወተት ወይም እንቁላል እንዳይገባ አስቀድማችሁ ንገሩ። ሙስሊም ወገኖች ሐላል ሥጋ ማግኘት ይከብዳቸዋል፤ ትራውት የሚባለው ዓሣ በየምግብ ቤቱ አለ።

የኮካ ቅጠል ሻይ በየሆቴሉ ይቀርባል፣ ሕጋዊ ነው። ይሁን እንጂ ሥራችሁ ላይ የአደንዛዥ ዕፅ ምርመራ ካለባችሁ አትጠጡት፤ ኮኬይን ተብሎ ሊወጣ ይችላል። ቅጠሉን ይዞ አሜሪካ መግባት ክልክል ነው። ዳያሞክስ ስለሚባለው የከፍታ ሕመም መድኃኒት ከመሄዳችሁ በፊት ሐኪም አማክሩ። ራስ ምታቱ ከማስታወክና ከመንገዳገድ ጋር ከመጣ መድኃኒቱ ቶሎ መውረድ ነው።

በመጨረሻ፣ ሁሉንም ጉዞ ሊማ ሆናችሁ አስቀድማችሁ አትግዙ። ዋራዝ ያሉ ወኪሎች እስከ ምሽት ክፍት ናቸው፤ ለነገ የሚሆን ቦታ ዛሬ ማታ ይገኛል። መጀመሪያ ከተማው ውስጥ ዕረፉ፣ በሁለተኛው ቀን ያንጋኑኮን ወይም ፓሮንን ግዙ። ማታ ራሳችሁን አዳምጡ። በደንብ ከበላችሁና ከተኛችሁ፣ ሦስት ሌሊት ስትደፍኑ ላጉና 69ን ግዙ፤ ፓስቶሩሪን ለመጨረሻው ቀን አስቀሩት። ራስ ምታቱ ካልለቀቃችሁ ግን ምንም አትግዙ፣ አንድ ቀን ጨምራችሁ ዕረፉ።