ማግኔት ወይስ ተራራ?

ጠዋት ኮዬ ፈጬ የታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሜ አንድ ልብ ወለድ መጣልኝ። ጀግናው ጊዜን የሚያቆም መሣሪያ አለው። በምን ይሥራ? በስበት ወይስ በማግኔት?

ለሳይንስ የሚቀርበው ስበት ነው። ከፍ ባልን ቁጥር ስበት ስለሚደክም፣ እንጦጦ አናት ላይ ያለ ሰዓት ዝቅ ብሎ አቃቂ ካለው ይፈጥናል። ልዩነቱ ግን በዓመት ጥቂት ማይክሮሰከንድ (የሰከንድ ሚሊዮንኛ) ነው። ለሰልፍ ምን ይረባል?

ማግኔት ጊዜን አይነካም፤ ሰዓትን ግን ያሳብዳል። የአባቴን በእጅ የሚሞላ ሰዓት ማግኔት ያለበት ስፒከር ላይ አስቀምጬ ጉድ ሆኛለሁ። ቀጭኗ ጥቅልል ሞላ እርስ በርሷ ትጣበቅና ሰዓቱ መቅደም ይጀምራል።

እኔ ማግኔቱን መርጫለሁ። ጀግናው ሲያበራው የረዳቱ «አንድ ሰው! አንድ ሰው!» አየር ላይ ተንጠልጥሎ ይቀራል። በስበት ቢሆን ተራራ ሊሸከም ነው።