ደንቬገን ግንብ፦ የማክላውዶች የጋሻ ዓርማ ከነታሪኩ የሚነበብበት ቤት

በስኮትላንድ ሰሜን ምዕራብ፣ ስካይ በምትባለው ደሴት ላይ የሚገኘው የደንቬገን ግንብ ለ800 ዓመታት ያህል የማክላውድ ጎሳ አለቆች መኖሪያ ሆኖ የኖረ ነው። በስኮትላንድ ካሉት ግንቦች መካከል ሳይቋረጥ ሰው የኖረበት እጅግ ጥንታዊው ቤት እንደሆነም ይነገርለታል። ወደዚያ የሄድኩት የጋሻ ዓርማ፣ ማለትም በጋሻ ላይ የሚሳል የባለቤቱ መለያ ምልክት፣ እንዴት እንደሚነበብ ለመማር ብዙ ዘመን ስመኝ ስለቆየሁ ነበር። ዓርማ በመጽሐፍ ላይ ሲታይ የተሳለ ጌጥ ብቻ ይመስላል፤ ደንቬገን ላይ ግን በጋሻው ላይ የተሳለው ነገር ሁሉ በዓይን ከሚታይ ግንብ፣ በብር ከተለበጠ ቀንድና በመስታወት ውስጥ ከተቀመጠ ባንዲራ ጋር ተያይዞ ይገኛል። የአንድን የስኮትላንድ ጎሳ ታሪክ በአንድ ቀን ለመረዳት ለሚፈልግ ሰው ከዚህ የተሻለ ቦታ አላየሁም።

ከመግባታችሁ በፊት ስለ ስሙ ጥቂት ማወቅ ይጠቅማል። በአማርኛ «ጎሳ» ብለን የምንተረጉመው «ክላን» በጌይሊክ፣ ማለትም በተራራማው ስኮትላንድ ሰዎች ጥንታዊ ቋንቋ፣ «ልጆች» ማለት ሲሆን፣ «ማክ» ደግሞ «ልጅ» ማለት በመሆኑ ከግእዙ «ወልደ» ጋር በአገልግሎት አንድ ነው። ማክላውድ እንግዲህ «ወልደ ሌኦድ» እንደማለት ነው። ሌኦድ በ13ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ሰው ሲሆን ስሙም ከሰሜን ሰዎች፣ ማለትም ከቫይኪንጎች ቋንቋ የመጣ ነው፤ ይህም አያስደንቅም፣ ምክንያቱም ስካይና በዙሪያዋ ያሉት ደሴቶች እስከ 1266 እ.ኤ.አ. ድረስ የኖርዌይ ንጉሥ ግዛት ነበሩ (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)። ከልጆቹ ከቶርሞድ ሃሪስ የሚባለው አገርና የደንቬገን ማክላውዶች፣ ከቶርኪል ደግሞ ሉዊስ የሚባለው ደሴት ማክላውዶች እንደተገኙ ይተረካል። ይሁን እንጂ ይህን ስም የያዙ ሰዎች ሁሉ በሥጋ የሌኦድ ዘር አይደሉም፤ በአለቃው መሬት ላይ የሚኖሩና በእርሱ ጥላ ሥር የተጠለሉ ብዙ ቤተሰቦች ስሙን ወስደዋል። ይህን ልብ ያላለ ጎብኚ ኋላ ስለ ዓርማው የምጽፈውን ሕግ ለመረዳት ይቸገራል።

የአለቃው ጋሻ በአራት የተከፈለ ነው። በመጀመሪያውና በአራተኛው ክፍል በሰማያዊ መደብ ላይ ሦስት ማማ ያለው የብር ቀለም ግንብ ቆሟል። በሁለተኛውና በሦስተኛው ክፍል በቀይ መደብ ላይ ከጭን የተጋጠሙ፣ ጥሩር የለበሱና በተረከዛቸው የወርቅ የፈረስ መኮርኮሪያ ያደረጉ ሦስት እግሮች ይታያሉ። የዓርማ ጥበብ መሠረታዊ ሕግ ቀለም በቀለም ላይ፣ ማዕድንም፣ ማለትም ወርቅና ብር፣ በማዕድን ላይ እንዳይቀመጥ ይከለክላል፤ ብሩ በሰማያዊ ላይ የተቀመጠው በጦር ሜዳ ከሩቅ እንዲለይ ነው። ሦስቱ እግሮች ደግሞ አይል ኦፍ ማን የምትባለው ደሴት ምልክት ናቸው። የጎሳው ትውፊት ሌኦድ የዚያች ደሴት ንጉሥ የጥቁሩ ኦላፍ ልጅ ነበር ይላል። የዘር ሐረግ አጥኚዎች ግን ይህን አባትነት ይጠራጠራሉ፤ እኔም በጥርጣሬያቸው እስማማለሁ። ቢሆንም ጋሻው የሚናገረው ቤተሰቡ ስለራሱ ያመነውን ስለሆነ፣ ትውፊቱ በታሪክ ቢናወጥም ምልክቱ ትርጉሙን አያጣም። ጋሻውን አንዴ ጠንቅቀው ካዩ በኋላ ከደጅ ቆመው ግንቡን ቀና ብለው መመልከት ብቻውን ለመንገዱ ድካም ይበቃል።

ከጋሻው በላይ፣ በራስ ቁሩ ላይ የሚቀመጠው ምልክት ፊት ለፊት የሚመለከት ጥቁር የኮርማ ራስ ነው፤ ቀንዶቹ ወርቃማ ሲሆኑ በግራና በቀኙ ሁለት ቀይ ባንዲራዎች አሉ፤ ቃሉም «አጥብቀህ ያዝ» የሚል ነው። ስለዚህ ኮርማ ከአንድ በላይ ትረካ አለ። በ14ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው ሦስተኛው አለቃ ማልኮም ግሌኔልግ ከምትባል ቦታ ሲመለስ መንገድ ላይ የተናደደ ኮርማ ገጥሞት በጩቤ እንደገደለውና አንዱን ቀንድ ለምስክር ሰብሮ እንደወሰደ ይነገራል። ሌላው ትረካ በኮርማ እንዲወጋ የተፈረደበትን ሰው የማክላውድ አለቃ ቀንዱን ይዞ ሲያድነው፣ የተሰበሰበው ሕዝብ «አጥብቀህ ያዝ» እያለ እንደጮኸ ያወሳል። ትረካው የትኛውም ይሁን፣ ቀንዱ ግንቡ ውስጥ አለ። በ1626 የሞተው 15ኛው አለቃ ሰር ሮሪ ሞር ስሙን ስለሰጠው «የሮሪ ሞር ቀንድ» ይባላል፤ አፉ በብር የተለበጠ ሲሆን አንድ ጠርሙስ ተኩል ያህል ወይን ይይዛል። አዲስ አለቃ ለመሆን የሚበቃ ወንድ ወራሽ ቀንዱን ሞልቶ ሳያስቀምጥ በአንድ ትንፋሽ መጨረስ አለበት። በቀንድ ዋንጫ መጠጣት ከአገራችን የግብር አዳራሽ የታወቀ ነገር ስለሆነ፣ እኔ ከሁሉ ይልቅ ብዙ ጊዜ የቆምኩት በዚህ ዕቃ ፊት ነበር። በዓርማው ላይ ያለው ወርቃማ ቀንድና በመደርደሪያው ያለው ያረጀ ቀንድ እርስ በርስ ሲተረጓጎሙ ማየት የዚህ ጉብኝት ትልቁ ደስታ ነው።

ዝነኛው ዕቃ ግን «የተረት ባንዲራ» የሚባለው ነው። ስሙን ያገኘው ከስኮትላንድ ተረት ረቂቃን ፍጡራን ሲሆን፣ ለአለቃው የተሰጠውም ከእነርሱ ወገን በሆነች ሴት እጅ እንደሆነ ይወራል። ያየነው ግን ሳስቶ የቀረ፣ ቡናማ መልክ ያለውና ብዙ ቦታ ተጠቃቅሞ የተሰፋ የሐር ቁራጭ ነው። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የመረመሩት የለንደን ሙዚየም ባለሙያ ሐሩ ከሶርያ ወይም ከሮድስ የመጣ እንደሚመስል ተናግረዋል። ባንዲራ ከመሆኑ በፊት የአንድ ቅዱስ ሰው ልብስ ሆኖ ሲከበር ኖሯል የሚል ግምትም አለ፤ ጥንቃቄ የተሞላበትን የስፌቱን ጥገና ሳይ ይህ ግምት ይበልጥ አሳመነኝ። በትውፊቱ መሠረት ባንዲራው ጎሳውን ከጥፋት ሊያድን የሚችለው ሦስት ጊዜ ብቻ ነው፤ ሁለቱ፣ በግሌንዴል በ1490 እና በትራምፓን በ1578 በተደረጉት ውጊያዎች፣ አልፈዋል። የትራምፓኑ ታሪክ ከባድ ነው። የዩስት ደሴት ማክዶናልዶች በቤተ ክርስቲያን የተሰበሰቡትን ማክላውዶች በር ዘግተው አቃጠሉ፤ ከደንቬገን የደረሰው ጦርም ማክዶናልዶቹን ፈጀ። ይህም ማክላውዶች ቀደም ሲል በኤግ ደሴት ዋሻ ውስጥ የተሸሸጉትን ማክዶናልዶች በጭስ አፍነው ለመግደላቸው የተወሰደ በቀል እንደነበር ይተረካል። ሁለቱን ወገን አብሮ ያላወቀ ጎብኚ ባንዲራውን በግማሽ ብቻ አይቶት ይመለሳል።

በዚያው የሚታየው የደንቬገን ዋንጫ ከእንጨት ተሠርቶ በብር የተለበጠ የአየርላንድ ሥራ ሲሆን 1493 የሚል ዓመት ተጽፎበታል፤ በአየርላንድ ሰሜን ከሚገኘው ከኡልስተር የኦኒል ቤተሰብ ጋር ለነበረው ወዳጅነት ምስክር ነው። የቤቱን አለቆች ሥዕሎች ስትመለከቱ ግን ሁለቱን ኖርማኖች አትዝለሏቸው። 22ኛው አለቃ ኖርማን በ1739 የስካይና የሃሪስ ሰዎችን አፍኖ ወደ አሜሪካ ለመሸጥ በተደረገ ሙከራ ስሙ የተነሳ ሰው ነው። 25ኛው አለቃ ኖርማን በአንጻሩ በ1840ዎቹ መጨረሻ የድንች ሰብል ጠፍቶ ረኃብ በገባ ጊዜ ሕዝቡን ለመመገብ ገንዘቡን ሁሉ አውጥቶ ከሠረ፤ ከዚያም ለንደን ሄዶ በጸሐፊነት ተቀጥሮ ኖረ። በአንድ ዓርማ ሥር የቆሙ ሁለት ሰዎች ናቸው፤ እኔ ከጦርነቱ ታሪክ ሁሉ ይልቅ የኋለኛውን አከብራለሁ።

እዚህ ላይ የማስታወሻ ዕቃ ለሚገዙ ሰዎች አንድ ማስጠንቀቂያ መስጠት ግዴታዬ ነው። ከጉዞው በፊት በአንዲት የስኮትላንድ ከተማ ውስጥ ካለ የማስታወሻ ዕቃ መደብር «የማክላውድ ቤተሰብ ዓርማ» የሚል የእንጨት ሰሌዳ ለአንድ ወዳጄ ገዝቼ ነበር፤ ሻጩም ስሙን የያዘ ሰው ሁሉ የዓርማው ባለቤት እንደሆነ ነገረኝ። ይህ ፈጽሞ ስሕተት ነው። በስኮትላንድ ሕግ «የቤተሰብ ዓርማ» የሚባል ነገር የለም፤ ዓርማ የአንድ ሰው ንብረት ነው፤ የማክላውድ ጋሻም የአለቃው ብቻ ነው። ይህንን የሚያስተዳድረው በኤድንብራ የሚገኘው የሎርድ ላየን ፍርድ ቤት ሲሆን፣ በ1672 በወጣ ሕግ የተቋቋመውን የዓርማዎች መዝገብ ይይዛል፤ የራሱ ዐቃቤ ሕግም ስላለው የሰውን ዓርማ ያለፈቃድ የሚጠቀምን ሊከስ ይችላል። የጎሳው አባል የሚፈቀድለት የአለቃውን የራስ ቁር ምልክት፣ ማለትም የኮርማውን ራስ፣ በቀበቶና በዘለበት ተከብቦ መልበስ ነው። ቀበቶው የለበሰው ሰው የአለቃው ተከታይ እንጂ የምልክቱ ባለቤት አለመሆኑን ያመለክታል። አለቃው ግን ምልክቱን ያለ ቀበቶ፣ ከኋላው ሦስት የንስር ላባ አድርጎ ይለብሳል። ስለዚህ ስጦታ ለመግዛት የምትፈልጉ ከሆነ ሰሌዳውን ትታችሁ ቀበቶ ያለበትን የብር ጌጥ ግዙ፤ ዋጋው ቢበልጥም እውነተኛው እርሱ ነው።

የስኮትላንድ ጎሳዎች መለያ ስለሆነው ታርታን ስለሚባለው ባለ መስመር ጨርቅም እንዲሁ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። የተራራማውን ስኮትላንድ ሰዎች ልብስ የከለከለው የ1746 ሕግ የተሻረው በ1782 ሲሆን፣ አሁን የምናያቸው አብዛኞቹ የጎሳ ታርታኖች የተለዩትና ስም የተሰጣቸው ከዚያ በኋላ ነው። ቢጫና ጥቁሩ የሉዊስ ማክላውድ ታርታን ጥንታዊ ተብሎ የቀረበው በ1842 በታተመና ሐሰተኛነቱ ኋላ በተረጋገጠ ስብስብ ነው። ጨርቁ ያማረ ነው፤ ለአንገት ልብስም ይሆናል፤ የመካከለኛው ዘመን ቅርስ ነው ብላችሁ ግን አትክፈሉበት።

ለጉዞው የሚያስፈልገው ቀላል ነው። ከየብስ ወደ ስካይ የሚያሻግረው ድልድይ በ1995 የተከፈተ ሲሆን ቀረጡ በ2004 ተነስቷል፤ ከፖርትሪ ከተማ እስከ ደንቬገን 35 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ግንቡ በአውሮፓ የብርድ ወራት ለጎብኚ ስለሚዘጋ ከሚያዝያ እስከ መስከረም ባሉት ወራት መሄድ ይበጃል። ትኬቱ ለአትክልት ቦታው ብቻ ወይም ለሁለቱም የሚቆረጥ ሲሆን፣ ዓርማውን ለማንበብ የመጣ ሰው ሁለቱንም መያዝ አለበት። አትክልቱ ያምራል፤ እኔ ግን ጊዜዬን ውስጥ ጨርሼ ቸኩዬ አለፍኩት።

ሳትቸኩሉ አድርጉት የምለው ሌላ ነው። ከግንቡ ሥር አቆስጣ የሚባሉትን የባሕር እንስሳት ለማሳየት የሚነሱ ትናንሽ ጀልባዎች አሉ፤ ወደ ውስጥ ከመግባታችሁ በፊት በአንዷ ተሳፈሩ። እስከ 1748 ድረስ ወደዚህ ቤት የሚገባው ከባሕሩ ዳር በድንጋዩ ላይ በተሠራው በር ብቻ ነበር፤ መርከበኛ፣ እንግዳም ሆነ ጠላት ግንቡን መጀመሪያ ያየው ከውኃው ላይ ነው። እናንተም ከዚያ ስታዩት፣ ከታች ሰማያዊው ውኃ፣ ከላይ ግራጫው ድንጋይ ከነማማዎቹ፣ የጋሻውን የመጀመሪያ ክፍል ታያላችሁ።