በደብረ ማርቆስ ቲኬት በሚፈለገው ልክ ማሳተም

ለበጎ አድራጎት ያዘጋጀነውን የሙዚቃ ምሽት ቲኬት ያሳተምነው ደብረ ማርቆስ በሚገኝ አንድ አነስተኛ ማተሚያ ቤት ሲሆን፣ የመረጥነውም ብዙ ቅጂ በአንድ ጊዜ እንድናዝ ሳያስገድደን እንደ ሽያጩ መጠን እያተመ ስለሚሰጥ ነው። በመጀመሪያ 150፣ ገዢ ሲበረክት ደግሞ 90 አሳተምን፤ ተከታታይ ቁጥሩም ካቆመበት ቀጠለ። ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ ቁጥራቸው የተደገመ ሁለት ቲኬቶች በር ላይ ቢገናኙ ተቆጣጣሪው የትኛውን ያምናል?

ቅር ያሰኘኝ ወረቀቱ ነው። የመጀመሪያው ዙር የታተመው ሙቀት ሲነካው በሚጠቁር የደረሰኝ ወረቀት ላይ ስለነበር፣ መኪና ዳሽቦርድ ላይ ፀሐይ ያገኛቸው ቲኬቶች ጠቁረው ኪውአር ኮዳቸው አልነበብ አለ። ኮዱ በከፍተኛው የስህተት ማረሚያ ደረጃ ከተዘጋጀ እስከ 30 በመቶ ገደማ ተጎድቶም ሊነበብ ይችላል፤ ሙሉ በሙሉ ለጠቆረ ወረቀት ግን ይህም አይበቃም።

ባለቤቱ ቅሬታችንን በትዕግሥት ሰምተው፣ ያለ ተጨማሪ ክፍያ በሌዘር ማተሚያ በወፍራም ወረቀት ላይ ተክተውልናል። ጉርዱም ቲኬቱን ሳይጎዳ በቀላሉ ይቀደዳል። ወደፊትም እዚያው አሳትማለሁ፤ ከማዘዜ በፊት ግን ወረቀቱን በእጄ ዳስሼ እመርጣለሁ።