ፕሌይስቴሽን ፕላስ ከደብረ ማርቆስ፦ ክፍያው ሲያልቅ፣ ኔት ሲጠፋ የትኛው ጌም ይቀራል?

ስለ ፕሌይስቴሽን ፕላስ (የሶኒ የጌም ማጫወቻ ለሆነው ለፕሌይስቴሽን እየተከፈለበት ጌም የሚገኝበት አባልነት) የሚወራው አብዛኛው ነገር «በዚህ ወር ምን ገባ?» የሚል ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው፤ ዛሬ የገባው ጌም ከስድስት ወር ወይም ከዓመት በኋላ ስከፍተው ይነሳል ወይ? መብራቱ ደርሶ በሚጠፋበት፣ ኔቱ ወራት ሙሉ ተቋርጦ በከረመበት አገር ለሚጫወት ሰው ዋናው ጥያቄ ይኼ ነው። የምጠቀመው ኮንሶል (ማጫወቻ) ፒኤስ4 ስሊም፣ ማለትም ፕሌይስቴሽን 4 ነው። አካውንቴ የአሜሪካ ነው፤ ኢትዮጵያ በፕሌይስቴሽን ኔትወርክ የአገሮች ዝርዝር ውስጥ ስለሌለች ሁላችንም በወረቀት አንዳንዴ አሜሪካዊ፣ አንዳንዴ እንግሊዛዊ፣ አንዳንዴ የዱባይ ነዋሪ ነን። ከፕላስ ደረጃዎች መጀመሪያ ኢሰንሻል ነበርኩ፣ በኋላ ኤክስትራ ገባሁ፣ አሁን ተመልሼ ኢሰንሻል ነኝ።

ብዙ ሰው የሚያምታታው ነገር ስላለ እሱን አስቀድሜ ልጨርስ። አገልግሎቱ በፈረንጆቹ ሰኔ 2022 ኢሰንሻል፣ ኤክስትራ እና ፕሪሚየም ተብሎ በሦስት ተከፍሏል። ኢሰንሻል በየወሩ ጥቂት ጌሞች ይሰጣል፤ ወሩ ሳያልፍ «ወደ ላይብረሪ ጨምር» የሚለውን ከተጫንክ ጌሙ በስምህ ይመዘገባል። ክፍያህ ሲያልቅ ይቆለፋል፤ ከዓመት በኋላ ተመልሰህ ብትከፍል ይከፈታል። ኤክስትራ ደግሞ ካታሎግ የሚባለውን፣ በመቶ የሚቆጠሩ ጌሞች ያሉበትን ክምችት ይጨምርልሃል። ካታሎጉ ውስጥ ያለ ጌም ግን ይወጣል። ሲወጣ ክፍያህን ሳታዛንፍ ብትከፍልም፣ ጌሙ ሃርድ ዲስክህ ላይ ተጭኖ ቢቀመጥም አይነሳም። ሁለቱም ላይ አንድ ዓይነት ቢጫ የመደመር ምልክት ስለሚለጠፍባቸው አንድ ይመስላሉ እንጂ ዕድሜያቸው ፈጽሞ አይገናኝም።

ጂቲኤ 5ን ውሰዱ። በታኅሣሥ 2023 ካታሎጉ ውስጥ ገባ፣ በሰኔ 2024 ወጣ፣ በኅዳር 2024 እንደገና ተመለሰ። መሀል ላይ ታሪኩን ጀምሮ የነበረ ሰው ወይ ይገዛዋል ወይ ቁጭ ብሎ ይጠብቃል። የሌላ ኩባንያ ጌም ስለሆነ ነው እንዳይባል፣ የሶኒ የራሱ የሆነው ሆራይዘን ዜሮ ዶውንም በግንቦት 2024 ከካታሎጉ ወጥቷል። በወርኃዊው በኩል ያለው ግን እስካሁን ቃሉን ጠብቋል። ለፒኤስ5 ባለቤቶች በ2020 የተሰጠው ፒኤስ ፕላስ ኮሌክሽን የሚባለው ስብስብ በግንቦት 9 ቀን 2023 ሲዘጋ፣ ቀድመው ላይብረሪ ውስጥ የጨመሩት ሰዎች አባል እስከሆኑ ድረስ አልተነካባቸውም። ለፒኤስ3 እና በእጅ ለሚያዘው ቪታ ወርኃዊ ጌም መስጠቱ በመጋቢት 2019 ሲያበቃም እንዲሁ ነው የሆነው። የማይክሮሶፍቱ ኤክስቦክስ ጋ ደግሞ ከዚህ የተሻለ አንድ ነገር ነበር፤ ጌምስ ዊዝ ጎልድ በሚባለው ወርኃዊ ስጦታ የተሰጡ የኤክስቦክስ 360 ጌሞች ክፍያ ብታቆምም የአንተው ሆነው ይቀራሉ። ያ ፕሮግራም በመስከረም 2023 ተዘግቷል፤ የኤክስቦክሱ የክፍያ ካታሎግ ጌም ፓስ ደግሞ እንደ ኤክስትራ ጌም የሚገባበትና የሚወጣበት ነው።

እንግዲህ ይኼ ሁሉ ኔት ላለው ሰው ነው። እኛ ጋ የሆነው እንዲህ ነው።

በ2015 ዓ.ም. ነሐሴ ወር አካባቢ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ የኢሰንሻል የዓመት ክፍያዬ ገና ብዙ ይቀረው ነበር። ኮንሶሉ ለአካውንቴ «ፕራይመሪ» (የአካውንቱ ዋና ኮንሶል) ተብሎ ስለተመዘገበ፣ ቀድሜ ያወረድኳቸው ወርኃዊ ጌሞች ያለ ምንም ኔት ይነሱ ነበር። ኮንሶሉ ክፍያው የሚያበቃበትን ቀን ያውቃል፤ እስከዚያ ድረስ ማንንም አይጠይቅም። መንገድ ተዘግቶ ከቤት በማይወጣበት ሰሞን እኔና ታናሽ ወንድሜ ፊፋ 22ን ስንገጥም የከረምነው በዚህ ነው። ፊፋ 22 በግንቦት 2022 በወርኃዊነት የተሰጠ ነው፤ የጌሙ አዘጋጅ ኢኤ ከእግር ኳሱ ማኅበር ከፊፋ ጋር ውሉ ካለቀ በኋላ በ2023 ፊፋ የሚል ስም ያላቸው የቆዩ ጌሞች ከኦንላይን ሱቅ ሲነሱ፣ ላይብረሪ ውስጥ የነበረኝ አልጠፋም። ለኔ የወርኃዊው ጥቅም ቁልጭ ብሎ የታየኝ እዚህ ላይ ነው፤ ከኦንላይን ሱቁ በገንዘብ የማይገኝ ጌም እጄ ላይ አለ።

የክፍያው ቀን ሲያልቅ ግን በእያንዳንዱ ጌም ሥዕል ላይ ትንሽ ቁልፍ መጣች። አዲስ አበባ ያለ ጓደኛዬ ደውሎ «አታስብ፣ እኔ ከዚህ አሳድስልሃለሁ» አለኝ፤ ጊፍት ካርድ ገዝቶ፣ በራሱ ስልክ አካውንቴን ከፍቶ አሳደሰው። አካውንቴ አባል ሆነ፤ ቤት ያለው ኮንሶል ግን ይህን የሚሰማበት መንገድ የለውም። ኔት ካላገኘ አዲሱን ፈቃድ አይወስድም። በዚያ ጊዜ ያለ ችግር የሚነሱት ሁለት ዓይነት ነበሩ፤ በሲዲ ያለኝ እና ከሱቁ በገንዘብ የገዛሁት። በቅናሽ ሰሞን በጥቂት ዶላር የገዛኋት አንዲት ትንሽ ጌም፣ ያን ሁሉ በነጻ ያገኘሁትን በልጣ ቤቱን ያዘችው።

አክስቴ በዚያው ሰሞን ቤት መጥተው ስንነጫነጭ ሰሙ። «ወር በወር የምትከፍለው ዕቁብ ነው እንዴ?» አሉኝ። «አይ አክስቴ፣ ኪራይ ይበሉት» አልኳቸው። «ኪራይ ከሆነ ከፍለህስ ቁልፉን ማን ያዘብህ?» መልስ አልነበረኝም።

ጓደኛዬ ያደረገልኝ ሌላ ነገር ግን ዛሬም ድረስ ይጠቅመኛል። በየወሩ መጀመሪያ በስልኩ አፕ እየገባ ወርኃዊዎቹን ላይብረሪ ውስጥ ይጨምርልኝ ነበር። ለዚህ ማውረድ አያስፈልግም፤ ኮንሶሉ አጠገብህ መሆንም የለበትም፤ አንድ ጊዜ መጫን ነው። በግንቦት 2024 የተሰጠውን ኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ 24ን ያገኘሁት እንዲህ ነው። ኔት ሲመለስ ኮንሶሉን አገናኘሁና ሴቲንግ ውስጥ ገብቼ፣ ከአካውንት አስተዳደር ሥር «ላይሰንስ መልስ» የሚለውን ተጫንኩ። ደቂቃም አልፈጀ፤ ቁልፎቹ በሙሉ ተነሡ። ባልነበርኩባቸው ወራት የተሰጡት ሁሉ ተደርድረው ጠበቁኝ።

በቴሌግራም ጌም ያለበት አካውንት የሚሸጡ ሰዎች «ፕራይመሪ» እና «ሴኮንደሪ» እያሉ በሁለት ዋጋ ያቀርባሉ። ሴኮንደሪው ረከስ ይላል። በጎጃም ለሚኖር ሰው ግን ሴኮንደሪ አትግዙ። ኮንሶላችሁ የአካውንቱ ዋና ስላልሆነ ጌሙ በተከፈተ ቁጥር አካውንቱን ከኔት ጋር ማመሳከር አለበት፤ ኔት ሲሄድ ጌሙም ይሄዳል። ሰፈራችን ጌም ቤት ያለው አንድ ወንድማችን በሴኮንደሪ ሞልቶት የነበረው ኮንሶል ኔት በጠፋባቸው ወራት ቴሌቪዥን ማስቀመጫ ሆኖ ነበር የከረመው። የሸጠለት ሰው ቻናሉን ዘግቶ ጠፍቷል። በየካቲት 2025 የሶኒ ኔትወርክ ራሱ በዓለም ዙሪያ አንድ ቀን ያህል ሲቋረጥም በፕራይመሪ ኮንሶል ያለው ሲጫወት ነው የዋለው። ሶኒ ለፕላስ አባላት አምስት ቀን ጨምሮ ነበር።

ኤክስትራ የገባሁት ኔት ከተመለሰ በኋላ ነው፤ ጉጉቱ ነው የገፋኝ። ካታሎጉን ስትከፍት ዓይንህ ይቅበዘበዛል። ችግሩ ጌሙን ማየት ሳይሆን ማድረስ ነው። አንድ ትልቅ ጌም ከ80 እስከ 100 ጊጋባይት ይሆናል። ማታ ረከስ ያለውን ፓኬጅ ጠብቄ፣ ከስልኬ ሆትስፖት ከፍቼ፣ ኮንሶሉን ሬስት ሞድ (ሳይጠፋ የሚያርፍበት ሁኔታ) ላይ አድርጌ እተኛለሁ። ብርቱካናማዋ መብራት እየበራች ዳውንሎዱ ይቀጥላል። ክረምት ከሆነ ከጮቄ ተራራ በኩል ነጎድጓዱ ሲጀምር መብራት ቀጥ ይላል። ጠዋት ስከፍተው «ኮንሶሉ በትክክል አልተዘጋም» የሚል ጽሑፍ ያመጣል፣ ሃርድ ዲስኩን ይፈትሻል፣ ከዚያ ዳውንሎዱ ትናንት ከተውኩት ብዙም ሳይርቅ ቆሞ አገኘዋለሁ። እንዲህ እየተንፏቀቀ አንድ ጌም ሲያልቅልኝ «የመጨረሻ ዕድል» የሚለው ረድፍ ውስጥ ገብቶ አየዋለሁ። ካታሎጉ የሚታደሰው በወሩ መሀል ነው፤ አዲሶቹ በሚገቡበት ቀን የሚወጡትም ይወጣሉ። አዲስ አበባ ፋይበር ቤቱ የገባለት ሰው በአንድ ሌሊት አውርዶ በሁለት ሳምንት ይጨርሰዋል፤ ለሱ ኤክስትራ ርካሽ ነው። እኔ የምከፍለው ለጌሙ ብቻ ሳይሆን ለዳታውም ስለሆነ፣ የወጣ ጌም ሁለት ጊዜ ነው የሚያከስረኝ።

ጌሙ ሲወጣ የጨዋታህ ሴቭ አይጠፋም፤ ኮንሶሉ ላይ ይቀመጣል። በኋላ ከሱቁ ከገዛኸው ካቆምክበት ትቀጥላለህ። «እንግዲያ ያገለገለ ሲዲ ገዝቼ ልቀጥል» ያለ ሰው ግን ይጠንቀቅ። እኛ ጋ የሚመጣው ሲዲ አብዛኛው በዱባይ በኩል የገባ፣ ለአውሮፓና ለመካከለኛው ምሥራቅ የተዘጋጀ ነው፤ አካውንታችን ደግሞ የአሜሪካ። በሲዲው ላይ ሲዩኤስኤ (CUSA) ብሎ የሚጀምር ቁጥር አለ፤ የጌሙ መለያ ነው። የአሜሪካው ካታሎግ ጌም መለያ ከሲዲው መለያ የተለየ ከሆነ ኮንሶሉ እንደ ሁለት ጌም ነው የሚያያቸው፤ ሴቭህን አብዛኛውን ጊዜ አይቀበልም። ለጌሙ የገዛኸው ተጨማሪ ነገር ካለም ከሲዲው ጋር አይሠራም። ሻጩ ፎቶ ሲልክላችሁ የሽፋኑን ሥዕል ሳይሆን ይህን ቁጥር አስነሥታችሁ እዩ። ከአዲስ አበባ 300 ኪሎ ሜትር በአውቶብስ አስመጥቶ፣ ያውም መንገዱ ሲከፈት ጠብቆ፣ ከዜሮ መጀመር ያበሳጫል።

ሲዲም ቢሆን ሁልጊዜ ዋስትና አይደለም። ዘ ክሩ የሚባለው የመኪና ጌም የሚሠራበት፣ የአዘጋጁ የዩቢሶፍት ሰርቨር በመጋቢት 31 ቀን 2024 ሲዘጋ፣ ሲዲውን በገንዘቡ የገዛውም ሰው መጫወት አቁሟል፤ ብቻህን ብትጫወት እንኳ ሰርቨር የሚፈልግ ጌም ስለነበር። ስለዚህ ከመግዛታችሁ በፊት ኔቱን ነቅላችሁ ይነሳ እንደሆነ ሞክሩት፤ ኤክስትራን የማመሰግንበት አንድ ነገር ቢኖር ለዚህ ሙከራ መመቸቱ ነው።

ዋጋውን በተመለከተ፣ በመስከረም 2023 የዓመቱ ኢሰንሻል ከ59.99 ወደ 79.99 ዶላር፣ ኤክስትራ ከ99.99 ወደ 134.99 ዶላር ጨምሯል። ለኛ ትልቁ ጭማሪ ግን የመጣው ከሶኒ አይደለም። በሐምሌ 2024 የምንዛሬ ሥርዓቱ ሲለወጥ፣ በባንክ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ያኔ በ120 ብር ስናሰላው ኤክስትራ ለዓመት 16,200 ብር ገደማ ይመጣ ነበር፤ ካርድ ሻጩ የሚጨምረው ሳይቆጠር። በዚህ ገንዘብ በቅናሽ ጊዜ ስንት ጌም እንደሚገዛ ስቆጥር ነው ከኤክስትራ የወጣሁት። ኤክስትራን አንድ ወር ብቻ መክፈል የሚፈልግ ሰው ካለ ሊጨርሰው የፈለገውን አንድ ጌም አስቀድሞ ይምረጥ፣ ቤተ ሰብ ወይ ጓደኛ ጋ ጥሩ ዋይፋይ ካለ ኮንሶሉን በቦርሳ ይዞ ሄዶ ያውርድ። ፕሪሚየም ለኛ አይመከርም፤ አንዱ ዋና ነገሩ ሳይወርድ በኔት በቀጥታ የሚጫወቱት ጨዋታ ነው።

ኢሰንሻልን ግን ይዤ ቆይቻለሁ። ዓመቱን ሙሉ ባልከፍልም የጨመርኩት ስለማይጠፋ፣ ሳይመቸኝ አቋርጬ ሲመቸኝ እመለሳለሁ፤ ያቋረጥኩባቸው ወራት የሚሰጡት ብቻ ናቸው የሚያመልጡኝ። ክፍያ በማድስበት ቀን ኮንሶሉን ከኔት ጋር አገናኛለሁ፤ ኔት ሊሄድ ይችላል የሚል ወሬ ከሰማሁ ደግሞ ቀኑ ሳይደርስ አስቀድሜ አድሳለሁ። ከዚህ በኋላ ያለኝ ጥርጣሬ ፒኤስ4 ላይ ነው። ሶኒ ከጥር 2026 ጀምሮ የፒኤስ4 ጌሞች የወርኃዊው ዋና ትኩረት እንደማይሆኑና አልፎ አልፎ ብቻ እንደሚሰጡ አስታውቋል። የቆዩት አይነኩም። አዲሶቹን የፒኤስ5 ጌሞች ኮንሶሉ ባይኖረኝም በአፑ እየጨመርኳቸው ነው፤ ፒኤስ5 የሚገዛበት ብር እስኪገኝ ግን ሦስት ወር ከፍዬ ሦስት ወር እያረፍኩ ልቀጥል አስቤአለሁ።