ሠርግ አይቀርጽም

አባቴን ለቀረጸልን የዶክመንተሪ ባለሙያ ይህን ምስጋና የምጽፈው ሦስት ወር ዘግይቼ ነው። ይቅርታ ወንድሜ፤ አይቼው እስክጨርስ ነው የቆየሁት።

አባቴ በ1977 ዓ.ም. ረሃብ ጊዜ ኮረም መጠለያ ድሬሰር (ረዳት የጤና ሠራተኛ) ነበር። የዚያን ዓመት ጥቅምት ኬንያዊው የካሜራ ሰው መሐመድ አሚን እዚያ የቀረጸው በቢቢሲ ታይቶ ዓለምን አስደነገጠ። (መሐመድ በ1983 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ ግራ እጁን አጥቷል፤ ካሜራውን ግን አልተወም። በ1989 ዓ.ም. ኮሞሮስ አጠገብ በወደቀው የተጠለፈ አውሮፕላን ውስጥ አለፈ።) አባቴ በሰውዬው ላይ ክፉ አይወጣውም፤ «እሱ ባይመጣ እህሉም አይመጣም» ይላል። የሚቆጨው ሌላ ነው፤ የታዩት ሰዎች ስም የላቸውም።

ይህን ለቀራጩ አልነገርነውም። በሁለተኛው ቀን ራሱ «ጋሼ፣ ስማቸውን የሚያስታውሷቸው አሉ?» አለና ዝም አለ። ዝምታው ረዘመ፤ እኔ ልናገር ስል በእጁ ከለከለኝ። አባቴ 11 ሰው ከነአባቱ፣ ከነአገሩ ጠራ። እኛ ልጆቹ አንዱንም ሰምተን አናውቅም።

ቀራጩ ሥራውን የጀመረው የሠርግ መብራት ተሸክሞ ነው። ቀጥሎ ከውጭ ለሚመጡ ቀራጮች ትራይፖድ (የካሜራ ማቆሚያ) ይዞ ገጠር ለገጠር ዞረ። ገበሬው አምስት ደቂቃ ሲናገር አስተርጓሚው በአንድ ዓረፍተ ነገር ሲዘጋው እያየ ይበሳጭ ነበር አሉ። አሁን ራሱ ይቀርጻል፣ ራሱ ፕሮዲዩስ ያደርጋል፤ ይህም በአብዛኛው ገንዘብ ማፈላለግና ለፈቃድ ከቢሮ ቢሮ መመላለስ ነው፤ ካሜራ የሚይዝበት ቀን ጥቂት ነው ይላል።

እቤት ሲገባ መጀመሪያ ፍሪጃችንን ከሶኬት ነቀለና የመኪናውን ቁልፍ ውስጡ አስቀመጠ። ግራ ገባን። ለካ የፍሪጁ ድምፅ ቀረጻ ያበላሻል፤ ቁልፉን ፍለጋ ሲመለስ ደግሞ ሶኬቱን ሳይሰካ አይሄድም! የአባቴ ጋቢ ማይኩን እያሻሸ ሲያስቸግረው ጋቢውን ያውልቁ አላለም፤ ማይኩን ወደ ሸሚዙ ኮሌታ አዛወረው። ሲጨርስ ሁላችንንም ዝም አሰኝቶ የክፍሉን ዝምታ ብቻ አንድ ደቂቃ ቀረጸ፤ ኤዲቲንግ ላይ ሲቆርጥና ሲቀጥል የድምፁን ክፍተት ለመሙላት ያስፈልጋል።

አባቴ ለቤተሰብ ብቻ ይሁን ያለውን ክፍል ለብቻው ቆርጦ ሰጠን። ሁሉንም በሁለት ሃርድ ዲስክ አስረክቦ አንዱን ሌላ ቤት እንድናስቀምጥ አዘዘን። ከዚህ በፊት አንድ ስቱዲዮ የእህቴን ሠርግ «ዲስኩ ተበላሽቷል» ብሎ ስላስቀረብን ይህችን ምክር ሳንከራከር ተቀበልን።

እንከኑን ልናገር፦ ከቀጠሮው ሦስት ሳምንት አሳልፏል፤ ዋጋውም ቀላል አይደለም፣ ግማሹን በቅድሚያ ይቀበላል። እኛ ወንድምና እህት አዋጥተን ነው የከፈልነው።

አረጋዊ ወላጅ ያላችሁ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ እሱን ጠይቄ ስልኩን እሰጣችኋለሁ። ሠርግ ግን አይቀርጽም፤ እኔም ለምኜ አልሆነልኝም።